የሐዳሯ ሴት ሦስት ስሞች



በዚህ ዓመት ታላቅ እኅቴ ሴት ልጅ ተገላገለች። ከቤታችን ሰው ሁሉ መጽሐፍ የማዘወትረው እኔ ስለሆንሁ፥ ለሕፃኗ ስም የመፈለጉ ሥራ ለእኔ ተሰጠኝ። ነገሩ ቀላል መስሎኝ አንድ ሌሊት ብቻ አሰብሁበትና በማግሥቱ ቡና ሲፈላ «ሉሲ ትባል» አልሁ። ስሙ አጭር ነው፤ ለአፍ ይጣፍጣል፤ የዘመኑም ስም ነው። ከዚህም ሌላ ይህን የእኛን የአዋሽ ሸለቆ በዓለም ያስጠራች ሉሲ ስለሆነች፥ በሎጊያ ለተወለደች ልጅ ከዚህ የተሻለ ስም አይገኝም ብዬ ነበር።

እኅቴ ደስ አላት። አያቴ ግን ስኒያቸውን አስቀምጠው «ትርጓሜው ምንድን ነው?» ብለው ጠየቁኝ። መልስ አልነበረኝም። ቀጥለውም «ይህች ሉሲ የምትሉአት ከመሬት የወጣች ሙት አይደለችምን? ስሙንስ ማን አወጣላት? የወለደቻት እናት ናት ወይስ ቆፍሮ ያገኛት ፈረንጅ? እኔ በሙት ስም የልጅ ልጄን አላስጠራም» አሉ። ቡናው በዝምታ ተጠጣ።

ሴት ልጅ ክርስትና የምትነሣው በ80ኛው ቀን ነውና ለማጥናት ጊዜ ነበረኝ። ከዚህ ቀጥሎ የምጽፈው ለአያቴ መልስ ስፈልግ ያገኘሁትን ነው።

ኅዳር 15 ቀን 1967 ዓ. ም. (በፈረንጆች አቈጣጠር በ1974 መሆኑ ነው) ዶናልድ ጆሃንሰን የሚባል አሜሪካዊ የጥንተ ሰው ተመራማሪ ከባልደረባው ከቶም ግሬይ ጋር በሐዳር ሲመላለስ፥ ከአፈሩ ላይ አንዲት የክንድ አጥንት ስባሪ አየ። ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ከወረዱ ሦስት ወር ያልሞላው ጊዜ ስለ ነበረ፥ በዚያ ሰሞን አገሩ ሁሉ ሌላ ወሬ ይዞ ነበር። በሐዳር ግን ከክንዱ ቀጥሎ የራስ ቅል ስባሪ፥ የጭን፥ የጎድን፥ የዳሌና የመንጋጋ አጥንት እየተለቀመ መጣ። ሲደመርም ከአንድ አካል አጥንት 40 በመቶ ያህል ሆነ። ዕድሜዋ 3.2 ሚሊዮን ዓመት ነው። ቁመቷ 1 ሜትር ከ10 ሳንቲ ሜትር ያህል ብቻ ነበረ፤ ይኸውም የአምስት ዓመት ልጅ ቁመት ማለት ነው። ነገር ግን የመጨረሻው የመንጋጋ ጥርሷ በቅሎ ስለ ነበረ ያደገች ሴት እንደ ነበረች ታወቀ። በሁለት እግሯ ቀጥ ብላ ትሄድ እንደ ነበረም የጉልበቷና የዳሌዋ አጥንት ይመሰክራሉ።

የመጀመሪያ ስሟ ቍጥር ነበረ። «ኤ. ኤል. 288» ይሏታል፤ የአፋር ስፍራ ቍጥር 288 ለማለት ነው። ቍጥሩ እስከ ዛሬ በመዝገብ ላይ አለ፤ ነገር ግን በቍጥር የሚጠራት ሰው አላየሁም።

በዚያው ማታ ተመራማሪዎቹ በድንኳናቸው ደስታ ሲያደርጉ ቢትልስ የሚባሉት እንግሊዛውያን ዘፋኞች ስለ አንዲት ሉሲ የዘፈኑት ዘፈን በቴፕ ይሰማ ነበር። ከዘፈኑም ስሙን አንሥተው ለአጥንቷ ሰጡ። ዘፈኑ ደግሞ ከወዴት መጣ ቢባል፥ ጆን ሌኖን ራሱ እንደ ተናገረው፥ ትንሹ ልጁ ከተማሪ ቤት ሥዕል ሥሎ ቢመጣ «ይህች ማን ናት?» ብሎ ጠየቀው፤ ልጁም አብራው የምትማረውን የሉሲን ስም ነገረው። እንግዲህ አንዲት የእንግሊዝ ሕፃን ስሟ በወረቀት ወደ ዘፈን፥ ከዘፈን ወደ ቴፕ፥ ከቴፕ ወደ ሐዳር በረሃ መጣ ማለት ነው። (ዘፈኑ የወጣው በፈረንጆች 1967 ነው፤ አጥንቷ የተገኘችው በእኛ 1967 ነው። ነገሩ አጋጣሚ ቢሆንም ሳየው ሣቄ መጣ።)

ለአያቴ ጥያቄ የሚሆን ትርጓሜም አላጣሁም። ሉሲ የሚለው ስም ብርሃን ከሚለው የላቲን ቃል የወጣ ነው። ስለዚህ ሉሲን በአማርኛ ብንፈታት ከብርሃን ወይም ከፀሐይ አትርቅም። በሲራኩስ ከተማ በ304 ሰማዕት ሆነች የምትባለው ቅድስት ሉቺያም በዚሁ ስም የምትጠራ ናት። ነገር ግን እውነቱን ልናገርና፥ በዚያ ማታ ስሙን የሰጡት ሰዎች ብርሃንንም ሰማዕቷንም አላሰቡም፤ ዘፈኑን ብቻ ነው።

የሆነ ሆኖ ስሙ ኃይል ነበረው። ለዚህ ማስረጃ የሚሆነኝ በዚያው በሐዳር በሚቀጥለው ዓመት በ1968 ዓ. ም. የተገኘው ነው። በአንድ ስፍራ ቢያንስ የ13 ሰዎች አጥንት፥ ሕፃንም አዋቂም ተቀላቅሎ ተገኘ። በዕውቀት ረገድ ከአንዲት ሴት አጥንት የማያንስ ነገር ነው። ተመራማሪዎቹም በጅምላ «የመጀመሪያው ቤተሰብ» ብለው ጠሩአቸው፤ ለእያንዳንዳቸው ግን ስም አላወጡም። ዛሬ ስለነዚያ 13 ሰዎች በሎጊያ ገበያ ብትጠይቁ የሚያውቅ አታገኙም። ስለ ሉሲ ብትጠይቁ ግን ሕፃኑ ሁሉ ይመልሳል። የሴቶች ብሔራዊ የእግር ኳስ ቡድናችንም «ሉሲዎቹ» ይባላል። ተመራማሪዎች በ1978 በፈረንጆች ለወገኗ የሰጡት የሳይንስ ስም፥ አውስትራሎፒቴከስ አፋረንሲስ የሚለው፥ የአፋርን ስም የያዘ የሚያኮራ ስም ነው፤ ነገር ግን እንዲህ ባለ ስም የሚጠራ የእግር ኳስ ቡድን ሊኖር ይችላል ብዬ አላስብም።

አሁን ወደ ሁለተኛው ስሟ ልምጣ። ኢትዮጵያውያን ድንቅነሽ አልናት። ይህን ስም ዕለት ዕለት ስለምንሰማው አናስተውለውም እንጂ ሙሉ ዐረፍተ ነገር ነው። ድንቅ አንድ ቃል፥ ነሽ ሁለተኛ ቃል ነው፤ ባለቤቱም «አንቺ» በውስጡ ተሰውሮአል። ወርቅነሽ፥ ብርቅነሽ፥ ጥሩነሽ፥ በላይነሽ የሚሉት ሁሉ እንደዚሁ ናቸው። ከሌሎቹ ስሞች ጋር ብታስተያዩት ልዩነቱ ይገለጣል። ተዋበች ወይም በለጠች ብትሉ ስለ ሴቲቱ ለሌላ ሰው ትናገራላችሁ። አልማዝ ብትሉ ሴቲቱን በዕንቍ ትመስላላችሁ። ድንቅነሽ ስትሉ ግን ለራሷ በፊቷ ትናገራላችሁ። ስለዚህ ይህን ስም የያዘች ልጅ በተጠራች ቍጥር ትመሰገናለች። እናቷ እንኳ ተቈጥታ «ድንቅነሽ! ጀሪካኑን ሳትሞዪ ለምን መጣሽ?» ብትላት፥ ቍጣው ሳይጀመር ምስጋናው አስቀድሞ ተነግሯል። በሌላ ቋንቋ እንዲህ ያለ ስም መኖሩን አላውቅም አልልም፤ በእኛ ቋንቋ ግን እናቶቻችን ያለ ሰዋስው መጽሐፍ የሠሩት ነው።

ይህ ስም ለሐዳሯ ሴት ሲሰጥ አንድ ነገር ተጨመረበት። ፈረንጁ ያገኛትን በሚወደው ዘፈን ሰየማት፤ እኛ ግን አነጋገርናት። 3.2 ሚሊዮን ዓመት ዝም ላለች ሴት «ድንቅ ነሽ» ማለት፥ መልስ ባይጠበቅበትም፥ የሰላምታ ያህል ነው።

ሦስተኛውን ስሟን የነገሩን ከግድግዳችን ወዲያ የሚኖሩት አፋር እናት ናቸው። እኅቴን ሊጠይቁ ወተት ይዘው መጥተው ሳለ ስለ ስሙ ክርክር ሲሰሙ ሣቁና «እኛ ሄሎማሊ እንላታለን» አሉ። «ልዩ ናት» እንደ ማለት ነው። አስተውሉ፤ ሄሎማሊ ስለ እርሷ ይናገራል፥ ድንቅነሽ ለእርሷ ይናገራል። አንዱ አገር ያስተዋውቃታል፥ አንዱ ይጠራታል። ከሦስቱም ስሞች በተወለደችበት ምድር ቋንቋ የወጣው ይህ ሦስተኛው ሆኖ ሳለ፥ ከሦስቱ የማይታወቀውም እርሱ ነው። ስለዚህ እዚህ ላይ ጥቂት መቆየት እፈልጋለሁ።

የአፋርኛ ቃላት በዓለም የሳይንስ መጻሕፍት ውስጥ ገብተዋል። በመካከለኛው አዋሽ፥ አራሚስ በሚባለው ስፍራ፥ 4.4 ሚሊዮን ዓመት የሆናት የአንዲት ሴት አጽም በ1987 ዓ. ም. ተገኘ፤ መጀመሪያ የእጇን አጥንት ያገኘው ኢትዮጵያዊው ተመራማሪ ዮሐንስ ኃይለ ሥላሴ ነው። የወገኗ ስም አርዲፒቴከስ ራሚደስ ተባለ። አርዲ በአፋርኛ መሬት ማለት ነው፤ ራሚድ ሥር ማለት ነው፤ ፒቴኮስ ግን የግሪክ ቃል ሆኖ ጦጣ ማለት ነው። እርሷም በአጭሩ አርዲ ትባላለች። እንግዲህ አዲስ የተፈጠረ የሴት ስም ፈልጉ ብትሉኝ ከአርዲ የበለጠ አላገኝም፤ ግማሹ ከአፋር እናቶች አፍ፥ ግማሹ ከግሪክ መዝገበ ቃላት ተወስዶ፥ ግሪኩ ተቈርጦ የቀረ ስም ነው። በቡሪ የተገኘው ሌላው ጥንታዊ ፍጥረት በ1991 ዓ. ም. ለዓለም ሲገለጥ ጋርሂ ተባለ፤ በአፋርኛ ያልተጠበቀ፥ የሚያስገርም ማለት ነው። በ1995 ዓ. ም. የተገለጠው የሄርቶ ሰው ኢዳልቱ ተባለ፤ ሽማግሌ፥ ታላቅ ማለት ነው። ከአርዲም የሚቀድመው ካዳባ ተባለ፤ ካዳ ትልቅ፥ አባ አባት ነው። የአፋር ጓደኞቼ እነዚህን ቃላት በልጅነታቸው ከፍየል ጠባቂነት ጋር የተማሩአቸው ናቸው፤ የሌላው ዓለም ተማሪ ግን በዩኒቨርሲቲ ለፈተና ያጠናቸዋል።

ሰላም የምትባለውንም ሳላነሣ አላልፍም። በ1993 ዓ. ም. ዘረሰናይ ዓለምሰገድ የመራው ቡድን ከሐዳር ማዶ፥ ከአዋሽ ወዲያ፥ ዲኪካ በሚባለው ስፍራ ሦስት ዓመት ያህል የሆናትን የሕፃን አጽም አገኘ። በ1999 ዓ. ም. መጀመሪያ ለዓለም ተገለጠች። ጋዜጦች «የሉሲ ልጅ» አሏት፤ ነገር ግን 3.3 ሚሊዮን ዓመት ስለሆናት ልጅቱ እናቷን በ100 ሺህ ዓመት ያህል ትበልጣታለች። ስሟ ግን ማብራሪያ አያሻውም። የሳር ግጦሽና የውኃ ጠብ በሚያውቀው በዚህ አገር ለአንዲት ሕፃን ሰላም የሚል ስም ለምን እንደሚመኙላት የሎጊያ ሰው ይገባዋል።

ስሞቹ በምድር ላይም አልቀሩም። ጥቅምት 6 ቀን 2014 ዓ. ም. አሜሪካውያን ሉሲ የምትባል መንኰራኵር ወደ ጠፈር ላኩ፤ ስሟን ያወጡላት ከሐዳሯ ሴት ነው። ከመሣሪያዎቿ በአንደኛው ውስጥ የአልማዝ ቍራጭ አለ። ጥቅምት 21 ቀን 2016 ዓ. ም. በመንገዷ ላይ ከአንድ ኪሎ ሜትር ያነሰ ስፋት ባላት ትንሽ የጠፈር አለት አጠገብ አለፈች። ያች አለት ድንቅነሽ ትባላለች። ፎቶግራፉ ሲመጣ ደግሞ በድንቅነሽ ዙሪያ የምትዞር ትንሽ ጨረቃ ተገኘች፤ እርሷም ሁለት ድንጋዮች ተጣብቀው የሆኑ ናት፤ ሰላም ተባለች። ሉሲ ሄዳ ድንቅነሽን ጐበኘች፥ ድንቅነሽም ሰላምን ይዛ ተገኘች ብዬ ለአያቴ ብነግራቸው «ከሰማይስ ማን ክርስትና አነሣቸው?» አሉኝ።

ይህን ሁሉ ከሰበሰብሁ በኋላ አሳቤ ተለወጠና በ70ኛው ቀን ገደማ «ድንቅነሽ ትባል» አልሁ። አሁን ደግሞ እንቢ ያለችው እኅቴ ሆነች። «የአሮጊት ስም ነው፤ ልጆቹ ሶልያናና ሄራን እየተባሉ የእኔ ልጅ ድንቅነሽ ተብላ ተማሪ ቤት ስትገባ ይሥቁባታል» አለች። እውነቷን ነው፤ በክፍላችን ድንቅነሽ የምትባል አንዲትም የለችም፤ በአያቴ ዕድር ግን ሁለት አሉ። ነገር ግን አዲስ የሚባለው ሉሲ የ304 ስም ነው፤ አሮጌ የሚባለው ድንቅነሽ ግን አንዲት መንኰራኵር በ2016 የጐበኘቻት አለት ስም ነው። ስለዚህ አሮጌና አዲስ የምንለው በጆሮአችን ልማድ ብቻ ነው ብዬ መለስሁላት። ብዙ የረታኋት አይመስለኝም።

ለአያቴ የሙት ስም ነው ላሉት ግን ሌላ መልስ አገኘሁ። ሐዳር ላይ የተኛችው ሴት ስም አልነበራትም። ድንቅነሽ የሚባሉ ሴቶች አጥንቷ ከመገኘቱ በፊትም በየመንደሩ ነበሩ፤ እንጀራ ይጋግሩ፥ ውኃ ይቀዱ፥ ልጅ ያሳድጉ ነበር። ስሙን ከሕያዋን ወስደን ለእርሷ ሰጠናት እንጂ ከእርሷ የወሰድነው የለም። አያቴ ጥቂት አሰቡና «እንግዲያስ አበድረናት ኖሯል» አሉ። ከዚያ በኋላ አልተከራከሩም።

የልደት መዝገብ ሲሞላ የስሙ ቦታ አንድ መስመር ብቻ ነውና በዚያ ላይ ድንቅነሽ ተብሎ ተጻፈ። የክርስትና ስሟን ካህኑ ለብቻው ሰጡአት። እኅቴ ግን ስታጠባት ሉሲ ትላታለች፤ ጎረቤታችን በአጥሩ በኩል ሄሎማሊ እያሉ ይጠሩአታል፤ እኔም አንዳንድ ጊዜ ድንቄ እላታለሁ። እርሷ እስካሁን ለማንኛችንም አልዞረችም፤ የምትሥቀው ከጣራው ሥር ለሚሽከረከረው የነፋስ ማራገቢያ ነው።