«ጥንታዊ ነው» የተባለ መጽሐፍ ዕድሜው እንዴት ይመረመራል?

ውድ ዕጩ መምህራን፣ አንድ ተማሪ እጁን አንሥቶ «ይኸ መጽሐፍ ጥንታዊ መሆኑን በምን ዐወቅን?» ቢለን ምን እንመልሳለን? «ተብሎ ተጽፏል» ብንል መልስ አይሆንም። ስለዚህ በዛሬው ጽሑፋችን ስለ እውነታ ባሕርይ የሚናገር አንድ የታወቀ የግሪክኛ መጽሐፍ ወስደን፣ ይኸው ጥያቄ እንዴት እንደ ተመረመረ እናያለን። የምንጠቅሳቸው ዘመናት በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

መጽሐፉ የሄርሜስ ድርሳናት ስብስብ ይባላል፤ 17 ድርሳናት አሉት። ግሪኮች ቶት የተባለውን የግብፆች የጥበብና የጽሕፈት አምላክ ከራሳቸው ከሄርሜስ ጋር አንድ አድርገውት ነበር። ድርሳናቱም «ሦስት ጊዜ ታላቅ» በሚባለው በዚሁ ሄርሜስ ስም ተጽፈዋል።

ምን ይላሉ? በመጀመሪያው ድርሳን ተራኪው ያለው ነገር ሁሉ ምን እንደ ሆነ ለማወቅ ሲመኝ፣ ታላቅ አእምሮ በራእይ ይገለጥለታል። በመጀመሪያ ሁሉም ብርሃን ሆኖ ይታየዋል፤ ቀጥሎ ጨለማ ወደ ታች ይወርድና ወደ ርጥብ ባሕርይ ይለወጣል፤ ከብርሃኑም ቃል ይወጣል። ባጭሩ፣ የነገሮች ሁሉ ምንጭ አእምሮ ነው፤ ሰውም በሥጋው ሟች፣ በውስጣዊ ማንነቱ ግን የማይሞት ነው የሚል ትምህርት ነው።

የእጅ ጽሑፉ በ15ኛው መቶ ዓመት ፍሎረንስ ከተማ ደረሰ። ባለጸጋው ኮዚሞ ደ ሜዲቺ፣ ማርሲሊዮ ፊቺኖ የተባለው ሊቅ የፕላቶን ሥራዎች አቆይቶ ይኸንን እንዲያስቀድም አዘዘው፤ ፊቺኖም በ1463 ወደ ላቲን መልሶ ጨረሰ። ለምን ቀደመ ቢሉ፣ ሄርሜስ ከሙሴ ዘመን ብዙም የማይርቅ፣ ፕላቶም ጥበቡን ከእርሱ ምንጭ የቀዳ ይመስላቸው ስለ ነበር ነው። ይኸ እምነት 150 ዓመት ያህል ቆየ።

በ1614 ኢሳቅ ካሶቦን የተባለው የግሪክኛ ሊቅ ጽሑፉን ራሱን መረመረ። ማስረጃዎቹን በአራት ከፍለን እንያቸው።

1ኛ/ የምስክሮች ዝምታ፦ እንዲህ ያለ ታላቅ መጽሐፍ በእውነት ቀድሞ ኖሮ ከሆነ፣ እነ ፕላቶና አርስቶትል እንዴት ሳያነሡት ቀሩ?

2ኛ/ ስሞች፦ በአንዱ ድርሳን ፊድያስ የተባለው ቀራጺ ይጠቀሳል። ፊድያስ የኖረው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛው መቶ ዓመት ነው። ታዲያ የሙሴ ዘመን ሰው ስሙን ከየት አመጣው?

3ኛ/ ቃላት፦ በላሊበላ ዘመን ተጻፈ የተባለ ደብዳቤ ተገኘ እንበል። ውስጡ «ስልክ» የሚል ቃል ቢኖር ማን ያምናል? በድርሳናቱም ውስጥ ካሶቦን ዘግይተው የመጡ የግሪክኛ ቃላት አገኘ።

4ኛ/ የቃላት ጨዋታ፦ ሰምና ወርቅ ያለው ቅኔ ወደ ሌላ ቋንቋ ሲገለበጥ ሰሙና ወርቁ ይለያያሉ፤ ይኸንን ሁላችንም እናውቃለን። በድርሳናቱ ያለው የቃላት ጨዋታ ግን በግሪክኛ ብቻ የሚሠራ ነው። እንግዲህ ከጥንታዊ ግብፅኛ የተተረጎመ ሳይሆን ከመነሻው በግሪክኛ የተደረሰ ነው ማለት ነው።

ካሶቦን ስለ ዕድሜው ልክ ነበር። ዛሬ ሊቃውንት ድርሳናቱን የሚመድቧቸው ከክርስቶስ ልደት በኋላ ከ1ኛው እስከ 3ኛው መቶ ዓመት ባለው ጊዜ ነው። «የፈጠሩት ክርስቲያኖች ናቸው» ያለው ግን አልጸናም፤ ደራሲዎቹ ግብፅ ውስጥ በግሪክኛ የሚጽፉ፣ ክርስቲያን ያልሆኑ ሰዎች ናቸው። በ1945 ናግ ሐማዲ በተባለው የግብፅ ሥፍራ ከተገኙት የቅብጥኛ መጻሕፍት መካከልም የሄርሜስ ጽሑፎች አሉ። ስለዚህ የግብፅ ዝምድናው ጨርሶ ልብ ወለድ አልነበረም።

ከዚህ የምንማረው ሦስት ጥያቄዎችን ለያይተን መያዝን ነው፦ መቼ ተጻፈ? ማን ጻፈው? የሚለውስ እውነት ነው? የመጀመሪያው መልስ የሦስተኛውን አይወስንም። ሐሳብ ስላረጀ ብቻ እውነት አይሆንም፤ የደራሲው ስም ሐሰት ስለ ሆነም ብቻ ሐሳቡ ከንቱ አይሆንም።

ጉዳዩ የእኛም ነው። «ሐተታ ዘርአ ያዕቆብ» ራሱ እንደሚለው የ17ኛው መቶ ዓመት ድርሰት ነው። የእጅ ጽሑፉን በ1850ዎቹ ለአንቷን ዳባዲ የላከው ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ የተባለ የኢጣሊያ ሚሲዮናዊ ነው። ካርሎ ኮንቲ ሮሲኒ በ1920 ደራሲው ራሱ ዳ ኡርቢኖ ነው ሲል፣ ክሎድ ሰምነር በ1970ዎቹ የኢትዮጵያዊ ሥራ ነው ብሎ ተከራከረ። ሊቃውንቱ እስከ ዛሬ አልተስማሙም። እኛ ክፍል ስንገባ የሁለቱንም ወገን ማስረጃ ዘርዝረን እናቅርብ እንጂ፣ ወይ በኩራት ወይ በጥርጣሬ ተነሥተን አንፍረድ። ኩራትም ጥርጣሬም ማስረጃ አይሆኑም።

የመልመጃ ጥያቄዎች፦
ሀ/ ከአራቱ ማስረጃዎች ብቻውን ሲቆም ደካማ የሚሆነው የትኛው ነው? ለምን?
ለ/ በአካባቢያችሁ «የጥንት ነው» የሚባል አንድ ጽሑፍ ወይም ተረት መርጣችሁ፣ ዕድሜውን በምን ምልክት እንደምትመረምሩ ጻፉ።
ሐ/ ይኸንን ትምህርት ለ6ኛ ክፍል በ40 ደቂቃ ለማስተማር የሚረዳ የትምህርት ዕቅድ አዘጋጁ።