የአባት ዕዳ ለልጅ

ከሚዛን ተፈሪ በቦንጋ በኩል ወደ ጅማ የሚሄድ መንገደኛ የጎጀብን ወንዝ ይሻገራል። በዚህ ወንዝ አጠገብ በታኅሣሥ ወር 1929 ዓ.ም. ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴ በኢጣሊያ ጦር ተከበው ተማረኩ። ወደ ኢጣሊያም ተግዘው ብዙ ዓመት በእስራት ኖሩ። የእርሳቸው ስም በታሪክ ተጽፏል፤ አብረዋቸው ከተጓዙት ወታደሮች ግን የብዙዎቹ ስም አልተጻፈም።

በዚያው ጦርነት በኦጋዴን ግንባር የጦር አዛዥ የነበሩት ደጃዝማች ነሲቡ ዘአማኑኤል ናቸው። እኒህ ሰው ቀድሞ የአዲስ አበባ ከንቲባ ነበሩ። ጠላት በዚያ ግንባር በመርዝ ጋዝ ጭምር ወጋቸው። ጦራቸው ከተሸነፈ በኋላ ከአገር ወጥተው፣ በጥቅምት ወር 1929 ዓ.ም. በስዊዘርላንድ አገር ዳቮስ በምትባል ከተማ ታመው ዐረፉ።

ልጃቸው ማርታ ነሲቡ ያን ጊዜ ሕፃን ነበረች። ከእናቷም ጋር ወደ ኢጣሊያ ተጋዘች። አባቱን በሕፃንነቱ ያጣ ልጅ ስለ አባቱ የሚያውቀው ጥቂት ነው። ማርታ ግን የአባቷ ነገር እንዲረሳ አልተወችም። በ2005 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር፣ የአባቷን ሥራና የቤተ ሰቧን ስደት የሚናገር የትዝታ መጽሐፍ በኢጣሊያንኛ አወጣች። አባቷን የወጉት ሰዎች የልጅ ልጆችም በገዛ ቋንቋቸው ሊያነቡት ቻሉ።

«የአባት ዕዳ ለልጅ» ይባላል። ዕዳ ሲባል ግን ገንዘብ ብቻ አይምሰላችሁ። አባት ለአገሩ የሠራውን ልጁ ጠይቆ ካልተረዳና ለሌላ ካልነገረ፣ ሥራው ከአባትዬው ጋር ይቀበራል።

ልጆች ሆይ! ያን ዘመን በዓይናቸው ያዩት ሽማግሌዎች ዛሬ ከሞላ ጎደል አልፈዋል። ከእነርሱ አፍ የሰሙ ግን በሚዛንም በቴፒም ይገኛሉ። ቡና በሚፈላበት ሰዓት ከአጠገባቸው ተቀምጣችሁ በትሕትና ጠይቋቸው። የሰውዬውን ስም፣ የዋለበትን ስፍራና ዓመቱን በደብተራችሁ ጻፉ። ያልሰማችሁትን አትጨምሩ፤ ሽንፈትም ቢሆን አትደብቁ። ራስ እምሩ ተማርከዋል፤ ደጃዝማች ነሲቡም ተሸንፈዋል፤ ክብራቸው ግን አልቀነሰም። ፊደል መማራችሁ ለዚህ ደግሞ ይጠቅማችኋል።