የቤት ብድር በረጅሙ ዘመን ምን ያኽል ያስከፍላል?

ባለፈው ክረምት ለዕረፍት ጨለለቅቱ፣ ከቤተሰቦቼ ዘንድ ሳለሁ፣ አጎቴ ከሣጥናቸው አንድ ወረቀት አውጥተው ሰጡኝ። አጎቴ የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት መምህር ሲሆኑ ከደመወዛቸው ሌላ ጥቂት የቡና መሬት አላቸው። የጭቃ ቤታቸውን አፍርሰው የብሎኬት ቤት ለመሥራት አስበው፣ ከአንድ ባንክ 500,000 ብር ለ20 ዓመት ለመበደር ተነጋግረው መጥተዋል። ወረቀቱ ላይ በቀለም የተከበበ አንድ ቁጥር አለ፤ «በወር 5,505 ብር ከ43 ሳንቲም» ይላል።

«ይህንማ እችለዋለሁ» አሉኝ። «ደመወዜ ይችለዋል፤ ሲጐድልም ቡናው አለ። አንተ ደግሞ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነህና ሒሳቡ ልክ መሆኑን እይልኝ።»

አይቼ ሒሳቡ ልክ ሆኖ አገኘሁት። ሆኖም በዚያ ወረቀት ላይ ያልተጻፉ ሌሎች ቁጥሮች ነበሩ፤ ከተጻፈው ይልቅ ከባዶቹም እነርሱ ናቸው። ያን ዕለት ማታ ከአጎቴ ጋር ቁጭ ብለን ያሰላነውን ከዚህ ቀጥሎ ለጓደኞቼ ላቀርብ እወዳለሁ። ምክንያቱም እኛም ነገ ተመርቀን ሥራ ስንይዝ፣ አንዳንዶቻችን በየተወለድንበት ከተማ ቤት ለመሥራት፣ አንዳንዶቻችንም በአዲስ አበባ እንዳሉት የ20/80 ባለዕጣዎች 20 በመቶውን ከፍለን የቀረውን ከባንክ ለመበደር እንገደዳለንና ነው።

፩. ወርኃዊው ክፍያ ከምን ከምን የተሠራ ነው?

ወለዱ በዓመት ከመቶ 12፣ ማለት በወር ከመቶ 1 ነው እንበል። ባንኮች የሚጠይቁት ወለድ እንደ ጊዜውና እንደ ባንኩ ይለያያል፤ ይህ ቁጥር የተመረጠው ለአጎቴ የቀረበላቸው ስለ ሆነና ለማሰብም ስለሚቀል ነው።

በመጀመሪያው ወር ዕዳው 500,000 ብር ነው። የዚህ ከመቶ 1 ወለድ 5,000 ብር ይሆናል። አጎቴ የሚከፍሉት 5,505 ብር ከ43 ሳንቲም ነው። እንግዲህ ከዚህ ውስጥ 5,000ው የወለድ ድርሻ ሲሆን ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 505 ብር ከ43 ሳንቲም ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ዕዳው 499,494 ብር ከ57 ሳንቲም ሆኗል። ወለዱም ጥቂት ወርዶ 4,994 ብር ከ95 ሳንቲም ይሆናል፤ ለዋናው ዕዳ የሚደርሰው 510 ብር ከ48 ሳንቲም ነው። እንዲህ እያለ የወለዱ ድርሻ በየወሩ በጥቂቱ እየሳሳ፣ የዋናው ድርሻ በጥቂቱ እየወፈረ ይሄዳል። በመጨረሻው፣ ማለት በ240ኛው ወር፣ ወለዱ 54 ብር ከ51 ሳንቲም ብቻ ይሆናል።

ይህን ለአጎቴ ባሳየኋቸው ጊዜ ወረቀቱን ተቀብለው ትንሽ ዝም ካሉ በኋላ፣ «ታዲያ ይህማ ወለድ አገድ አይደለም እንዴ?» አሉኝ።

አባባላቸው ከመማሪያ መጽሐፍ ይልቅ ነገሩን አብራራልኝ። ወለድ አገድ በአገራችን የቆየ፣ በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግም ስፍራ የተሰጠው የመያዣ ዐይነት ነው። ገንዘብ የቸገረው ሰው መሬቱን ለአበዳሪው ይለቅቃል፤ አበዳሪውም በወለድ ፈንታ ፍሬውን ይበላል። ተበዳሪው ዋናውን ገንዘብ እስኪመልስ ድረስ ዐሥር መከር ቢያልፍ እንኳ ዕዳው ከነበረበት ንቅንቅ አይልም። በባንክ ብድር ግን ቤቱ ከባለቤቱ እጅ አይወጣም፤ ዕዳውም ቀስ እያለ ይቀንሳል። ልዩነቱ ትልቅ ነው። ይሁንና በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ከሚከፈለው አብዛኛው ወለድ ስለ ሆነ፣ የባንክ ተበዳሪም ከወለድ አገድ ባለዕዳ ብዙ የራቀ አይደለም። ከ5,505 ብር ውስጥ 5,000ውን አበዳሪው እንደ ፍሬ ይለቅመዋል ማለት ነው።

፪. ዘመኑ ሲረዝም

ብዙ ተበዳሪዎች ወርኃዊው ክፍያ እንዲቀልላቸው የመክፈያው ዘመን እንዲረዝም ይጠይቃሉ። ይህ ምን እንደሚያስከትል ለማየት ያንኑ 500,000 ብር፣ በዚያው ከመቶ 12 ወለድ፣ በአራት ልዩ ልዩ ዘመናት አሰላነው።

በ10 ዓመት፦ በወር 7,173.55 ብር፤ ጠቅላላ ወለድ 360,826 ብር።
በ15 ዓመት፦ በወር 6,000.84 ብር፤ ጠቅላላ ወለድ 580,151 ብር።
በ20 ዓመት፦ በወር 5,505.43 ብር፤ ጠቅላላ ወለድ 821,303 ብር።
በ30 ዓመት፦ በወር 5,143.06 ብር፤ ጠቅላላ ወለድ 1,351,502 ብር።

አንባቢው የመጨረሻዎቹን ሁለት መስመሮች ደጋግሞ እንዲያያቸው እለምናለሁ። ከ20 ወደ 30 ዓመት የተሻገረ ሰው በወር የሚቀልለው 362 ብር ያኽል ብቻ ነው። ስለዚህች ቅለት ግን ከ530,000 ብር በላይ ተጨማሪ ወለድ ይከፍላል፤ ይህም ቤቱን ለመሥራት ከተበደረው ገንዘብ ራሱ ይበልጣል። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ወርኃዊው ክፍያ ምንም ቢረዝም ከ5,000 ብር በታች ሊወርድ አይችልም፤ ከዚያ በታች ከወረደ ወለዱን እንኳ አይሸፍንምና ዕዳው በመቀነስ ፈንታ ያድጋል።

የወለዱ መጠን ከፍ ሲልም ጉዳቱ እንደዚሁ ነው። ያው የ20 ዓመት ብድር በመቶ 12 ፈንታ በመቶ 15 ቢሆን፣ ወርኃዊው ክፍያ 6,583.95 ብር፣ ጠቅላላው ወለድ 1,080,148 ብር ይሆናል። በንግግር ጊዜ «ሦስት ብቻ ነው የጨመረው» ተብሎ የሚታለፈው ቁጥር በገንዘብ ሲመነዘር ከ258,000 ብር በላይ ነው።

፫. እኩሌታው የት ነው?

አጎቴ በመጨረሻ የጠየቁኝ ጥያቄ ይህ ነበር፦ «ዐሥር ዓመት ከፍዬ አንድ ነገር ቢደርስብኝስ? እኩሌታውን ከፍዬዋለሁ አይደል?»

አልከፈሉም። ከ20ው ዓመት ብድር 10 ዓመት ሲያልፍ የተከፈለው ገንዘብ ሲደመር 660,652 ብር ይሆናል። በዚያ ጊዜ የሚቀረው ዕዳ ግን 383,731 ብር ነው። ከተበደሩት የበለጠ ከፍለው ሳለ ከዋናው ዕዳ የተነካው 116,269 ብር ብቻ ነው። ዕዳው እኩሌታ የሚሆነው 15ኛው ዓመት ሊሞላ ሲቃረብ ነው። በዘመን እኩሌታ መድረስና በዕዳ እኩሌታ መድረስ የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን ሰው ሁሉ ቢያውቅ፣ በመካከል ቤቱን ለመሸጥ የተገደደ ሰው «ገንዘቤ የት ገባ?» ብሎ ባልደነገጠ ነበር።

፬. የብር ዋጋ መውረድ ዕዳውን ያቀልለዋልን?

እዚህ ላይ የኢኮኖሚክስ ተማሪዎች «ዕዳው በብር የተወሰነ ስለ ሆነ የዋጋ ንረት ይበላዋል፤ ከ20 ዓመት በኋላ 5,505 ብር ምን ዋጋ አለው?» ብለው መከራከራቸው አይቀርም። ክርክሩ እውነት አለው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ ዋጋ በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ 57 ብር አካባቢ የነበረው የአንድ የአሜሪካ ዶላር ዋጋ በጥቂት ጊዜ ውስጥ ከ100 ብር በላይ ሆኗል። ከዚያ በፊት በብር ተበድሮ ቤት የሠራ ሰው ዕዳው አልጨመረበትም፤ የሲሚንቶና የብረት ዋጋ ግን ጨምሯል።

ነገር ግን ይህ ክርክር የሚሠራው ሁለት ነገሮች ሲሟሉ ነው። አንደኛ፣ የወለዱ መጠን በውሉ እስከ መጨረሻው የተወሰነ መሆን አለበት። ባንኩ ወለዱን እንደ ጊዜው የመለወጥ መብት በውሉ ካለው፣ ንረቱ ሲብስ ወለዱም ሊከተለው ይችላል። ሁለተኛ፣ የተበዳሪው ገቢ ከዋጋው ጋር አብሮ ማደግ አለበት። የመምህር ደመወዝ ሁልጊዜ እንዲህ አያድግም። የቡና ዋጋ ደግሞ ይወጣል፣ ይወርዳል፤ በ1994 ዓ.ም. ገደማ የዓለም የቡና ዋጋ እጅግ ወድቆ ቡና አምራች አገሮች ሁሉ ምን ያኽል እንደ ተጐዱ የጌዴኦ ሽማግሌዎች ያስታውሱታል። በዚያ ላይ ቡና የሚለቀመው በዓመት አንድ ወቅት ሲሆን ባንክ የሚጠይቀው ግን በየወሩ ነው።

፭. ሕጉ ምን ይላል?

በ1967ቱ አዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታ የመንግሥት ስለ ሆነ፣ ለባንክ መያዣ የሚሆነው ቤቱና ሕጉ በሚፈቅደው መጠን የይዞታው ወይም የሊዙ መብት ነው። የመያዣው ውል በጽሑፍ መሆንና መመዝገብ አለበት። ተበዳሪው ሳይከፍል ቢቀር፣ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንኩ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት መሄድ ሳያስፈልገው፣ ቤቱን በሐራጅ ለመሸጥ ይችላል። የፍትሐ ብሔሩ ሕግ ለገንዘብ ብድር በዓመት ከመቶ 12 በላይ ወለድ መዋዋልን ቢከለክልም፣ ባንኮች የሚመሩት በብሔራዊ ባንክ ሕግና መመሪያ ነው። ስለዚህ «ሕግ ይጠብቀኛል» ብሎ ውሉን ሳያነቡ መፈረም ትልቅ ስሕተት ነው።

ለቤት ብቻ የሚያበድር ባንክ በአገራችን አዲስ ነገር እንዳልሆነም መታወቅ አለበት። በንጉሠ ነገሥቱ ዘመን የተቋቋሙ ሁለት የቁጠባና የቤት ብድር ድርጅቶች ከአብዮቱ በኋላ ተዋሕደው የቤቶችና ቁጠባ ባንክ ሆኑ። እርሱም በኋላ ኮንስትራክሽንና ቢዝነስ ባንክ ተብሎ በ2008 ዓ.ም. ከኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ጋር ተዋሐደ። በቅርብ ዓመታት ደግሞ ጎህ ቤቶች ባንክ በግል ባለአክሲዮኖች ተቋቁሟል። ተቋሞቹ ይለዋወጣሉ፤ የወለዱ ሒሳብ ግን አንድ ነው።

፮. እንግዲህ ምን ይደረግ?

ከዚህ ሁሉ «ብድር መጥፎ ነውና አትበደሩ» የሚል ሐሳብ እንዳይወሰድብኝ። የቤት ኪራይ የሚከፍል ሰውም በ20 ዓመት ብዙ ገንዘብ ያወጣል፤ በመጨረሻም የእርሱ የሚሆን ግድግዳ አያገኝም። ይልቁንስ ከመፈረም በፊት አራት ነገሮችን በጽሑፍ መጠየቅ ይገባል።

ሀ) እስከ መጨረሻው የሚከፈለው ጠቅላላ ገንዘብ ስንት ነው? የግምት፣ የመድንና የአገልግሎት ክፍያስ ተጨምሮበታልን?
ለ) በየዓመቱ መጨረሻ የሚቀረው ዋና ዕዳ ስንት ነው? ይህን የሚያሳይ ሙሉ ሰንጠረዥ ይሰጠኛልን?
ሐ) ወለዱ ሊለወጥ ይችላልን? ከተቻለስ በማን ውሳኔና በምን ማስታወቂያ?
መ) ከጊዜው በፊት ብከፍል ቅጣት አለን? ትርፍ ያመጣሁት ገንዘብስ ከዋናው ዕዳ ላይ ወዲያው ይቀነሳልን?

የመጨረሻው ጥያቄ ከሁሉም ይበልጥ ይጠቅማል። የ20ው ዓመት ተበዳሪ ከመጀመሪያው ወር አንሥቶ በየወሩ 500 ብር ብቻ ቢጨምር፣ ዕዳው በ15 ዓመት ያልቃል፤ ከወለዱም ከ240,000 ብር በላይ ይተርፈዋል። ገቢው የቡና የሆነ ሰው ደግሞ ለቀማው አልቆ ሲሸጥ በዓመት አንድ ጊዜ 6,000 ብር ቢከፍል ወደዚሁ የተቃረበ ውጤት ያገኛል። «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» የሚባለው ለወለድም ይሠራል፣ ለዋናውም ይሠራል፤ ቀድሞ የተጀመረው ያሸንፋል።

አጎቴ ያን ዕለት ማታ አልወሰኑም። በማግሥቱ ጧት ግን ከአክስቴ ጋር ተማክረው፣ ቤቱን በአንድ ጊዜ ከመጨረስ ይልቅ ሁለቱን ክፍል አስቀድመው ለመሥራት፣ ብድሩንም ወደ 400,000 ብር ዝቅ አድርገው በ10 ዓመት ለመክፈል አሰቡ። ወርኃዊው ክፍያ 5,738 ብር ከ84 ሳንቲም ሆነ። ይህም በመጀመሪያ «እችለዋለሁ» ካሉት የሚበልጠው በ233 ብር ያኽል ብቻ ነው። ጠቅላላው ወለድ ግን ከ821,303 ብር ወደ 288,661 ብር ወረደ።

አጎቴ አሁን 48 ዓመታቸው ነው። በመጀመሪያው ውል ቢሄዱ ኖሮ ጡረታ ከወጡ በኋላ እስከ 68 ዓመታቸው ዕዳ ሲከፍሉ በቆዩ ነበር። በሁለተኛው ግን ደመወዛቸው ሳይቋረጥ በ58 ዓመታቸው ይጨርሳሉ። አክስቴም ሒሳቡን ስትሰማ የጠየቀችው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ «ጡረታ ሲወጣ ቤቱ የኛ ይሆናል?» አለች። «ይሆናል» አልኋት።