የፈርዖን ልብና የማአት ላባ

የዛሬውን ትምህርት ከአንድ ጥያቄ እንጀምራለን። ኦሪት ዘጸአትን ባስተማርኩ ቁጥር የሚነሣ ጥያቄ ነው፦ የፈርዖንን ልብ ያደነደነው እግዚአብሔር ከሆነ፣ ፈርዖን በምን ጥፋቱ ተቀጣ? የሚጠይቁኝ ብዙ ጊዜ ወጣቶች ናቸው፤ የሚጠይቁትም ከድፍረት ሳይሆን ከጭንቀት ነው። እኔንም በልጅነቴ እንቅልፍ የነሣኝ ነገር ስለሆነ አልቆጣቸውም። ቸኩዬም አልመልስላቸውም። አስቀድመን ወደ ግብፅ እንውረድና ግብፃውያን ራሳቸው ስለ ልብ ምን ያምኑ እንደነበር እንይ። ሙሴ የግብፃውያንን ጥበብ ሁሉ የተማረ ሰው እንደነበር ቅዱስ እስጢፋኖስ በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 7 መስክሯል። ሙሴ የተማረውን እኛ ብንመረምረው ነውር የለበትም።

ግብፃውያን ማሰብና ማስተዋል የልብ ሥራ ነው ይሉ ነበር፤ ለጭንቅላት ቦታ አልሰጡትም። ለእኛ ይህ እንግዳ ነገር አይደለም። «ልብ በል» ስንል አስተውል ማለታችን ነው፤ ያጠፋ ልጅ ሲመለስ «ልብ ገዛ» እንላለን፤ የማያመዛዝነውን ሰው «ልበ ቢስ» እንለዋለን። እነሱ ግን ነገሩን እስከ መቃብር ወሰዱት። አስከሬን ሲያደርቁ አንጎልን በአፍንጫ በኩል በመንጠቆ እያወጡ ይጥሉታል። ጉበት፣ ሳንባ፣ ጨጓራና አንጀት ወጥተው በጨው ይደርቁና በአራት ማሰሮዎች ይቀመጣሉ። ልብ ግን ከስፍራው አይነቃነቅም። 70 ቀን በሚፈጀው ሥራ ሁሉ መሐል በደረት ውስጥ እንዳለ ይቆያል፤ ሟቹ ለፍርድ ሲቀርብ የሚመዘነው እሱ ነውና።

ይህ ፍርድ እጅግ አምሮ ከተሣለባቸው ሥራዎች አንዱ አኒ ለሚባል ጸሐፊ የተዘጋጀ ፓፒረስ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1250 ገደማ የተሠራ ሲሆን፣ እንግሊዛዊው ዎሊስ በጅ በ1888 እ.ኤ.አ. አግኝቶ ወደ ለንደን ወስዶታል፤ ዛሬም በብሪቲሽ ሙዚየም አለ። ርዝመቱ ከ23 ሜትር በላይ የነበረውን ይህን ጥቅልል በጅ 37 ቦታ ቆራረጠው። እንዲህ ያለ የእጅ ሥራ በመቀስ መነካቱ እስካሁን ያሳዝነኛል።

ሥዕሉን ቀረብ ብለን እንየው። በግራ በኩል አኒና ሚስቱ ቱቱ ጎንበስ ብለው ይገባሉ። መሐል ላይ ትልቅ ሚዛን ቆሟል። በአንዱ ሰሐን የአኒ ልብ አለ፤ የተሣለው እንደ ትንሽ እንስራ ሆኖ ነው። በሌላው ሰሐን አንዲት የሰጎን ላባ ቆማለች። የቀበሮ ራስ ያለው አኑቢስ ተንበርክኮ የሚዛኑን ቱንቢ ያስተካክላል። ከእሱ ቀጥሎ ረጅም ምንቃር ያለው የወፍ ራስ የተሸከመው ቶት ብዕሩን ጨብጦ ውጤቱን ሊጽፍ ይጠባበቃል። ከቶት ኋላ አሚት አለች፦ ራሷ አዞ፣ የፊት አካሏ አንበሳ፣ የኋላዋ ጉማሬ። የምትጠብቀውም ምግቧን ነው።

ላባዋ የማአት ናት። ድምፁ ቢቀራረብም የእኛ «መዓት» አይደለም፤ ማአት በእነሱ ቋንቋ እውነት፣ ፍትሕና የዓለም ሥርዓት ማለት ነው፣ ሦስቱም በአንድ ቃል። ልብ ከላባዋ ጋር እኩል ከሆነ ሟቹ ቃሉ እውነት ሆኖ ተገኘ ይባልና ወደ ሕይወት ይገባል። ልቡ ከከበደ ግን አሚት ትውጠዋለች፤ ከዚያ በኋላ ሰውየው የለም። እንግዲህ ለአንድ ግብፃዊ ከሁሉ የሚያስፈራው ነገር የከበደ ልብ ይዞ መሞት ነበር። ይህን ያዙልኝ፤ እንመለስበታለን።

ልብን የሚያከብደው ምንድን ነው? ፍርዱ በሚሰጥበት አዳራሽ 42 ዳኞች ተቀምጠዋል፤ ሟቹም አላደረግሁም የሚላቸውን ነገሮች አንድ በአንድ ይዘረዝራል፦ አልገደልሁም፣ ሰው አላስለቀስሁም፣ ሚዛን አላዛባሁም። ከእነዚህ መካከል በየቀኑ ከሚገባኝ በላይ ሥራ አላሠራሁም የሚል አለበት። የጡቡን ነገር የሚያውቅ የዘጸአት አንባቢ እዚህ ላይ ቆም ማለት አለበት።

አሁን ደግሞ አንዲት ትንሽ ድንጋይ ላሳያችሁ። የንግሥት ሐትሼፕሱት ባለሟል የነበረው የሰነንሙት እናት ሐትነፈር ትባላለች። መቃብሯ በቴብስ፣ የዛሬው ሉክሶር አጠገብ፣ በ1930ዎቹ እ.ኤ.አ. ሲከፈት አስከሬኗ ላይ ከአረንጓዴ ድንጋይ የተቀረጸ ጥንዚዛ በወርቅ ሰንሰለት ተንጠልጥሎ ተገኘ። ድንጋዩ አሁን ኒው ዮርክ በሜትሮፖሊታን ሙዚየም ይገኛል። ከሆዱ በታች ጥቅጥቅ ያለ ጽሑፍ ተቀርጾበታል፤ ጽሑፉ ለልቧ የቀረበ ልመና ነው። በሚዛኑ ፊት ተነሥተህ እንዳትመሰክርብኝ፣ በዳኞች ፊት እንዳትቃወመኝ ብላ የገዛ ልቧን ትማጸናለች።

ይህን ልመና ባሰብኩ ቁጥር ልቤ ይነካል። ሴትየዋ የፈራችው ጠላት ወይም ሐሰተኛ ምስክር አይደለም፤ በደረቷ ውስጥ ያለውን፣ ሁሉን የሚያውቀውን ምስክር ነው። ቅዱስ ጳውሎስ ሕግ ያልተሰጣቸው አሕዛብ ኅሊናቸው እንደሚመሰክርባቸው በሮሜ መልእክቱ ምዕራፍ 2 ያስተምራል፤ የሐትነፈር ድንጋይ ለዚህ ትምህርት ከሺህ አምስት መቶ ዓመት ቀድሞ የተቀረጸ ማስረጃ ነው። ግብፃውያን ምስክሩን አውቀውታል። መድኃኒት ብለው የያዙት ግን ምስክሩን ዝም የሚያሰኝ ድንጋይ ነው። ለሙታን የሚዘጋጁት ጥቅልሎችም ብዙ ጊዜ አስቀድመው ተጽፈው የሟቹ ስም የሚሞላበት ባዶ ቦታ ይተውላቸው ነበር። ገዢው ገና ሳይታወቅ ነጻ የሚያወጣው ፍርድ ተጽፎ ያልቃል። የሰው ልጅ ሚዛኑን እስከማወቅ ደርሶ ምሕረትን ሳያገኝ ሲቀር እንዲህ ይሆናል።

እኛም ሚዛን እናውቃለን። የካቲት 16 ቀን የኪዳነ ምሕረት ዕለት የሚነገረውን የበላዔ ሰብእን ታሪክ አስታውሱ። 78 ሰው የበላው ያ ሰው ነፍሱ ስትመዘን በአንድ በኩል በደሉ፣ በሌላ በኩል ደግሞ ለተጠማ ሰው በእመቤታችን ስም የሰጠው ጥርኝ ውኃ ይቀመጣል። ውኃው ሚዛን ደፋ። የእመቤታችን ጥላ አርፎበታልና። በአኒ ሚዛን ላይ ከልቡ ጋር የሚቆም ማንም የለም፤ በበላዔ ሰብእ ሚዛን ላይ ግን አማላጅ አለች። አንዱ ታሪክ ከሌላው ተቀድቷል እያልኩ አይደለም። ሁለቱን ጎን ለጎን የማስቀምጣቸው በአንደኛው የጎደለው በሁለተኛው ጎልቶ ስለሚታይ ነው።

አሁን ወደ ዘጸአት እንመለስ። በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ የፈርዖን ልብ «ደነደነ» ወይም «ጸና» ይባላል። በዕብራይስጡ ግን ከሚደጋገሙት ቃላት አንዱ «ካቤድ» ነው። ትርጉም አያስፈልጋችሁም፤ በግእዝም በአማርኛም ያለው የራሳችን «ከበደ» ነው፣ ሥሩ አንድ ነው። ምዕራፍ 7 ቁጥር 14 ላይ እግዚአብሔር ለሙሴ ሲናገር ዕብራይስጡ «የፈርዖን ልብ ከባድ ነው» ይላል። በግብፅ ቤተ መንግሥት ያደገ ሰው ይህን ሲሰማ በዓይነ ኅሊናው ሚዛኑ፣ ላባዋና አሚት የሚመጡበት ይመስለኛል። ይህን የሚሉ የብሉይ ኪዳን ሊቃውንትም አሉ፤ እኔም ከእነሱ ጋር ነኝ። ገና በሕይወት ያለ፣ በዙፋን ላይ የተቀመጠ ንጉሥ ተመዝኖ ከብዶ ተገኘ ማለት ነው።

የፍርዱ ክብደት የሚገባን የንጉሡን ሥራ ስናውቅ ነው። ፈርዖን የማአት ጠባቂ ነበር። በአቢዶስ ቤተ መቅደስ ግድግዳ ላይ ቀዳማዊ ሴቲ ትንሿን የማአት ምስል በመዳፉ ይዞ ለአማልክቱ ሲያቀርብ ተቀርጿል፤ ግብር ሰጪ እህሉን እንደሚያቀርብ፣ ንጉሡ ፍትሕን ያቀርባል። ሀገሩን በላባዋ ልክ የማስተዳደር አደራ የተቀበለው እሱ ራሱ ነው።

ይህ ፈርዖን ማን ነበር የሚሉኝ አሉ። ኦሪት ስሙን አልጻፈችም፤ «ፈርዖን» ራሱ «ታላቅ ቤት» ማለት ነው። እስራኤል የሚለውን ስም በግብፅ ድንጋይ ላይ የምናገኘው በንጉሥ መርኔፕታህ የድል ሐውልት፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1208 ገደማ ነው፤ ሐውልቱን ፍሊንደርስ ፔትሪ በ1896 እ.ኤ.አ. በቴብስ አገኘው። ለዛሬው ትምህርታችን ይህ ይበቃል።

ክብደቱ የጀመረው ከልብ አይደለም፤ ከጡብ ነው። በቴብስ፣ የሣልሳዊ ቱትሞስ ሹም በነበረው በሬክሚሬ መቃብር ግድግዳ ላይ ሥራው ሁሉ ተሥሏል፦ ምርኮኞች ከኩሬ ውኃ ይቀዳሉ፣ ጭቃውን በዶማ ያቦካሉ፣ በእንጨት ቅርጽ ጡብ ያወጣሉ፣ አለቃው ዱላውን ይዞ ያያል። በፓሪስ ሉቭር ሙዚየም ያለ፣ በዳግማዊ ራምሴስ በ5ኛው ዓመተ መንግሥት የተጻፈ የቆዳ ጥቅልል ደግሞ 40 አለቆችን ይዘረዝራል፤ እያንዳንዳቸው 2,000 ጡብ ተመድቦባቸዋል፣ ያስረከቡትና የጎደላቸውም ተመዝግቧል። ጭቃ ቤት የሠራ ወይም ሲሠራ ያየ ሰው የጭድን ነገር ያውቃል። ጭድ የሌለው ጭቃ ሲደርቅ ይሰነጠቃል፤ ለዚህ ነው የጤፍ ጭድ ጨምረን በእግራችን የምንረግጠው። ፈርዖን ጭዱን ከልክሎ ቁጥሩ አይጉደል አለ። እዚያ ላይ፣ በምዕራፍ 5 ቁጥር 9፣ ሥራው በሰዎቹ ላይ ይክበድ ብሎ ሲያዝ ቃሉ ያው «ካቤድ» ነው። በሌላው ትከሻ ላይ የጫነው ክብደት ሁለት ምዕራፍ አልፎ በገዛ ልቡ ውስጥ ተገኘ።

አሁን ጥያቄውን መመለስ እንችላለን። በዚህ ታሪክ ውስጥ ፈርዖን ራሱ ልቡን አከበደ ተብሎ ሦስት ጊዜ ተጽፏል፦ በ8፥15፣ በ8፥32 እና በ9፥34። ሦስቱንም ቦታ እባካችሁ ከፍታችሁ እዩ። የመጀመሪያው ጓጉንቸሮቹ ሞተው ዕረፍት ሲሆን ነው። ሁለተኛው ዝንቡ ከቤቱ ተወግዶ አንድ እንኳ ሳይቀር ሲጠፋ። ሦስተኛው ነጎድጓዱና በረዶው ጸጥ ሲል። መቅሠፍቱ እላዩ ላይ ሳለ ፈርዖን ይለምናል፣ በደልሁ ይላል፣ ሙሴን ጸልይልኝ ይላል። ልቡ የሚከብደው ምሕረት ሲያገኝ ነው። እኔ ራሴ ይህን ብዙ ዓመት አንብቤ አላየሁትም ነበር፤ ካየሁት በኋላ ግን ምዕራፎቹን እንደ ቀድሞው ማንበብ አልቻልኩም።

ታዲያ እግዚአብሔር አደነደንሁት ሲል ምን ማለቱ ነው? አስቀድሞ በምዕራፍ 4 እንደሚሆን ለሙሴ ነግሮታል፤ የሚሆነውን ማወቁ ግን ፈርዖንን አስገድዶ አላሠራውም። በመቅሠፍቶቹ መካከል እግዚአብሔር አጸናው የሚለው ቃል መጀመሪያ የሚመጣው በስድስተኛው፣ በቍስሉ ጊዜ፣ በ9፥12 ነው፤ ከዚያ በፊት የነበሩት አምስቱ መቅሠፍቶች ሲያልፉ ንጉሡ በገዛ መንገዱ ሄዷል። በሦስተኛው መቶ ዘመን በዚያው በግብፅ፣ በእስክንድርያ ያስተማረው ኦሪጀን፣ ቤተ ክርስቲያን ሌላ ሌላ ትምህርቱን ባትቀበልለትም፣ ስለዚህ ነገር መልካም ምሳሌ ትቷል፦ አንዷ ፀሐይ ሰሙን ታቀልጣለች፣ ጭቃውን ታደርቃለች። ፀሐይዋ አልተለወጠችም። ለግብፅ ሰው ይህ የየዕለት ነገር ነው፤ የፈርዖን ጡብ የሚደርቀው በእሳት ሳይሆን በዚያች ፀሐይ ነበር። የእግዚአብሔር ትዕግሥት በጭቃ ልብ ላይ ሲወጣ አደነደነው ይባላል፤ ትዕግሥቱ ግን ትዕግሥት ነው።

ሙሴም ሲጠራ አፌ ከባድ፣ ምላሴም ከባድ ነው ብሎ ነበር፤ በምዕራፍ 4 ቁጥር 10 ያለውም ይኸው ቃል ነው። የሙሴ ክብደት ግን ከአፉ አላለፈም፤ አሮን ተሰጥቶት ሄደ። ፈርዖን ሠረገላውን ጭኖ ሕዝቡን ተከተለ፣ ባሕሩ ውስጥም ገባ። ንጋት ላይ መንኮራኩሮቹ ሲሰናከሉ፣ በ14፥25፣ ሠረገሎቹ በግድ ይነዱ ነበር ይላል ታሪኩ። ዕብራይስጡን ብትከፍቱ በዚያ ያለው ቃል «ክብደት» ነው።