የሣራ በርናር ድምፅ

ተማሪ፦ ጋሼ፣ ያን ያወደሱልኝን የፈረንሳዊቷን ተዋናይት የሣራ በርናርን ፊልም አየሁት። እጇን ወደ ሰማይ ትዘረጋለች፣ ደረቷን ትይዛለች፣ በመጨረሻም በትራስ ክምር ላይ ትወድቃለች፤ ይቅርታ ያድርጉልኝና ሣቅሁ።

መምህር፦ ብትሥቂ አልፈርድብሽም፤ ንግሥት ኤልሳቤጥን ሆና የታየችበት ያ ፊልም በ1912 (ዓመቱን ሁሉ በኤውሮፓውያን አቈጣጠር እነግርሻለሁ) ሲነሣ ዕድሜዋ 67 ነበርና፣ ፊልሙም ድምፅ አልባ ነበርና፣ አንቺ ያየሽው የሴትዮይቱን ጥላ ነው። በልጅነቴ ድጓ ስማር፣ መጽሐፉ ከፊቴ ተዘርግቶ፣ ምልክቱም ከፊደሉ ራስ ላይ ተጽፎ ሳለ፣ የኔታ በድምፃቸው እስኪያሰሙኝ ድረስ አንዲት ሐረግ እንኳ ማዜም አይቻለኝም ነበር፤ የሣራም ፊልም መምህሩ የሞተበት ድጓ ነው።

ተማሪ፦ ድምፅዋ ይህን ያህል ነበር?

መምህር፦ በዘመኗ «የወርቅ ድምፅ» ይሉት ነበር። ግን ያለ ድካም የመጣላት እንዳይመስልሽ። በ1862 በፓሪስ፣ በኮሜዲ ፍራንሴዝ መድረክ፣ የተውኔት ደራሲውን የራሲንን ኢፊጌኒያ ሆና ስትወጣ ሐያስያኑ እምብዛም አላደነቋት፤ በማግሥቱም ዓመት ታናሽ እኅቷን ገፍትራ ያቈሰለችባትን አንዲት አንጋፋ ተዋናይት በጥፊ መትታ፣ ይቅርታ ጠይቂ ብትባል እንቢ ብላ፣ ከዚያ ታላቅ ቤት ወጣች። (ጥፊውን አላመሰግንም፤ ስለ እኅቷ መሆኑ ግን ደስ ይለኛል።) ስሟ የተነሣው በኦዴዮን ቴአትር ነው፤ በ1870 ፕሩሲያኖች ፓሪስን በከበቡ ጊዜ ያንኑ ቴአትር የቍስለኞች ማከሚያ አድርጋ አስታምማበታለች። በ1899 ደግሞ በ54 ዓመቷ ሐምሌትን፣ ወንዱን ልዑል፣ ተጫወተች። በእኛ አገር ቴአትር ሲጀመር ወንዶች የሴት ልብስ ለብሰው ይጫወቱ እንደ ነበር ስታስቢ የእርሷ ነገር ግልባጩ ነው። በዓመቱ የሐምሌት የሰይፍ ፍልሚያ ለፓሪስ ዐውደ ርእይ በፊልም ተነሣ፤ ሁለት ደቂቃ እንኳ አይሞላም።

ተማሪ፦ ሀብቷ ድምፅዋ ከሆነ፣ ድምፅ ለማይሰማበት ፊልም ለምን ራሷን ሰጠች?

መምህር፦ እኔም ይህን ብዙ ጊዜ አስቤዋለሁ። ያን ጊዜ ሲኒማ የገበያ ድንኳን ጨዋታ ተብሎ ይናቅ ነበር፤ በአዲስ አበባም ሕዝቡ የመጀመሪያውን የፊልም ቤት «የሰይጣን ቤት» ብሎት ነበር። እንደ እርሷ ያለች ባለ ክብር ስትገባበት ግን ጨዋውም ተከትሎ ለመግባት ደፈረ። ኤልሳቤጥን በአሜሪካ የማሳየት መብት የገዛው አዶልፍ ዙከርም ከዚያ ተነሥቶ፣ ኋላ ፓራማውንት የሆነውን ኩባንያ መሠረተ። በእኔ ፍርድ ሲኒማው ከእርሷ የተቀበለው ብዙ፣ የመለሰላት ጥቂት ነው።

ተማሪ፦ መድረኩንስ ተወችው?

መምህር፦ በ1905 በሪዮ ዴ ጃኔሮ የተውኔቷን ቶስካን ስትጫወት ከመድረኩ ግንብ ዘልላ የተጐዳው ጕልበቷ እየጠና ሄዶ፣ በ1915 ቀኝ እግሯ ተቈረጠ። ከዚያ በኋላ ነው በወንበር ተሸክመዋት በጦር ግንባር ለወታደሮች የተጫወተችው። እንግዲህ ልብ በዪ፤ በፊልሙ እግር ሳላት ድምፅ አልነበራትም፤ በግንባሩ እግር ሳይኖራት በድምፅዋ ያዘቻቸው።

ተማሪ፦ ያ ድምፅ ጨርሶ ጠፋ?

መምህር፦ የራሲንን ፌድር ሆና ስትጫወት የተቀዳ ሸክላ አለ፤ ይንኰሻኰሻል፣ ግን ይሰማል። ይዤልሽ እመጣለሁ።

ተማሪ፦ የመጨረሻ ሥራዋስ?

መምህር፦ ፊልም ነው። በ1923 ታማ ሳለች ካሜራውን ወደ ቤቷ አስገብተው ያነሡ ነበር፤ ማርች 26 ቀን ሥራው ሳያልቅ ዐረፈች።