ስለ አርባ ምንጭ ደን

ከአርባ ምንጭ ከተማ በታች፣ በኩልፎ ወንዝ ሸለቆ፣ ታላላቅ ሾላዎች የበዙበት ጥንታዊ ደን ይገኛል። ይኸውም በ1974 እ.ኤ.አ. የተቋቋመው የነጭ ሳር ብሔራዊ ፓርክ ክፍል ነው።

ዛፎቹ በበጋ ጭምር የሚለመልሙት ከተራራው ግርጌ የሚመነጨው ውሃ ሥራቸውን ስለሚያጠጣ ነው። የሾላው ፍሬ ለዝንጀሮ፣ ለጦጣና ለአዕዋፍ ምግብ ነው፤ ጉሬዛ በቅርንጫፉ ላይ ይኖራል፤ ድኩላም በጥላው ይሸሸጋል። ከተማይቱም ስሟንና የምትጠጣውን ውሃ ያገኘችው ከነዚሁ ምንጮች ነው።

ነገር ግን ደኑ ለማገዶ ሲቆረጥ ይሳሳል፤ አፈሩን የሚይዝ ሥር ይጠፋል። እንጨት ተሸካሚዋንም ችግር አስገድዷት እንጂ ደኑን ጠልታ አይደለም። ስለዚህ፣ ወላጆችና ተማሪዎች ሆይ፣ በየግቢያችን የማገዶ ዛፍ ብንተክል እርሷም ትረዳለች፤ ሾላውም ይተርፋል።