የአየር ጭነት ከማሳው ይጀምራል

አይሮፕላን ሰብልን ከአገር ወደ አገር በፍጥነት የሚያደርስ መጓጓዣ መሆኑን ዛሬ የማያውቅ የለም። ነገር ግን አይሮፕላን ለተበላሸ ሰብል መድኀኒት አለመሆኑን የሚያስተውለው ሰው ጥቂት ነው። በማሳው ላይ በፀሐይ የጠወለገ አበባ፣ በመንገድ ላይ የሞቀ ሥጋ፣ በሣጥን ውስጥ የተቀጠቀጠ ፍሬ፣ በሰዓት 900 ኪሎ ሜትር ቢበርም ወደ ገበያ የሚደርሰው እንደ ተበላሸ ነው፤ የጭነቱ ዋጋ ግን አንድ ሳንቲም ሳይጎድል ይከፈልበታል። ስለዚህ በዛሬው ትምህርት የአየር ጭነት ማዕከሎች በምሥራቅ አፍሪካ እንዴት እንዳደጉ፣ የትኛው ሰብል በአየር መሄድ እንደሚገባው፣ ገበሬውም ሹሙም በዚህ ሥራ ምን ድርሻ እንዳላቸው በተራ እንመለከታለን። የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ናቸው።

የነገሩ አጀማመር

የኢትዮጵያ አየር መንገድ በታኅሣሥ ወር 1938 ዓ.ም. ተቋቁሞ፣ የመጀመሪያውን በረራ መጋቢት 30 ቀን 1938 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ በአሥመራ በኩል ወደ ካይሮ አደረገ። በዚያን ጊዜ ይሠራበት የነበረው ዲ.ሲ. 3 የተባለው ባለ ሁለት ሞተር አይሮፕላን ሲሆን፣ የሚሸከመው ጭነት 3 ቶን ያህል ነበር። የመኪና መንገድ ባልተስፋፋበት በዚያ ዘመን ይኸው አይሮፕላን ከጅማ ቡና እያነሣ ወደ አዲስ አበባ ያመላልስ ነበር።

ከዚያ ወዲህ ያለው ዕድገት እጅግ ብዙ ነው። አየር መንገዱ በመስከረም 2005 ዓ.ም. መረከብ የጀመረው ቦይንግ 777 የጭነት አይሮፕላን በአንድ ጊዜ 100 ቶን ያህል ይሸከማል፤ ይህም የቀድሞው አይሮፕላን ከሠላሳ ጊዜ በላይ ተመላልሶ የሚያነሣው ማለት ነው። በ2009 ዓ.ም. ደግሞ በቦሌ ሁለተኛው የጭነት ተርሚናል ተከፈተ፤ ሁለቱ ተርሚናሎች አንድ ላይ በዓመት 1 ሚሊዮን ቶን ያህል ጭነት እንዲያስተናግዱ ታስበው የተሠሩ ናቸው።

ማዕከል እንዴት ይወለዳል

የጭነት ማዕከል የሚባለው ከብዙ አቅጣጫ የሚመጣ ጭነት የሚገናኝበት፣ የሚለይበትና እንደገና ተጭኖ ወደየአገሩ የሚከፋፈልበት የአይሮፕላን ጣቢያ ነው። ነገሩ ለአገራችን ሰው እንግዳ አይደለም። በሲራራ ንግድ ዘመን በሸዋ የነበረው የአልዩ አምባ ገበያ፣ ከታጁራና ከሐረር የሚወጣው ቅፍለት ከደጋው ነጋዴ ጋር የሚገናኝበት ስፍራ ነበር። ቅፍለቱ ጨውና የባሕር ማዶ ዕቃ አራግፎ ባዶውን አልተመለሰም፤ የደጋውን ምርት ጭኖ ወረደ እንጂ። ባዶውን የሚመለስ ግመል ባለቤቱን እንደሚያከስር ሁሉ፣ ባዶውን የሚመለስ አይሮፕላንም ባለቤቱን ያከስራል። እንግዲህ የማዕከል የመጀመሪያው ምሥጢር ይኸው የሁለት ወገን ጭነት ነው።

የናይሮቢን ታሪክ ብንመለከት ይህን ያስረዳናል። የኬንያን የዱር አራዊትና የባሕር ዳርቻ ለመጐብኘት ከአውሮፓ ይመጣ የነበረው አገር ጐብኚ ከላይ በመቀመጫው ሲሄድ፣ ከእግሩ በታች ባለው የዕቃ ክፍል ፎሶሊያና አበባ ይጫን ነበር። በኋላም ጭነቱ ሲበዛ ለጭነት ብቻ የተሠሩ አይሮፕላኖች መጡ። ከናይቫሻ ሐይቅ ዳር የሚቈረጠው አበባ በመኪና 90 ኪሎ ሜትር ያህል ተጕዞ ናይሮቢ ይደርሳል፤ ከዚያም በሌሊት በርሮ በሆላንድ አገር አልስሜር ከሚገኘው ታላቁ የአበባ ጨረታ ይቀርባል። በቪክቶሪያ ሐይቅ አካባቢም ከኢንቴቤና ከምዋንዛ የናይል ፐርች ዓሣ ተበልቶና ቀዝቅዞ ወደ አውሮፓ በአየር ሲላክ ቈይቷል።

በአንጻሩ ከዚያው ከኬንያ የኤልዶሬት ጣቢያ ሌላ ትምህርት ይሰጠናል። ጣቢያው በ1980ዎቹ መጨረሻ ላይ ረዥም ማኰብኰቢያ ተሠርቶለት ተከፈተ፤ ነገር ግን ለብዙ ጊዜ ከውጭ የሚገባ ዕቃ ሲራገፍበት፣ ወደ ውጭ የሚጫን ሰብል ግን ጥቂት ሆኖ ቈየ። ከዚህም የምንረዳው ሲሚንቶና አስፋልት ብቻውን ማዕከል የማይሆን መሆኑን ነው።

የአዲስ አበባ ማዕከል ያደገው ሁለቱ ወገን ስለ ተሟላለት ነው። ከእስያ በተለይም ከቻይና የሚመጣው አይሮፕላን ጨርቅ፣ መድኀኒት፣ የመኪና መለዋወጫና የኤሌክትሪክ ዕቃ አምጥቶ፣ ገሚሱን ለአገር ውስጥ አራግፎ ገሚሱን ወደ ሌሎች የአፍሪካ አገሮች ያስተላልፋል። ወደ ውጭ ደግሞ ከ1990ዎቹ ወዲህ የተስፋፋው የአበባ እርሻ ከዝዋይ፣ ከሆለታ፣ ከሰበታና ከቢሾፍቱ ጭነቱን ያቀርባል። አበባው በቤልጅግ አገር ወደ ሊዬዥ ይበርና ከዚያ በመኪና ወደ ገበያው ይከፋፈላል። በሞጆና በቢሾፍቱ ቄራዎች የሚታረደው የበግና የፍየል ሥጋም ቀዝቅዞ ወደ ሳውዲ ዐረቢያና ወደ ዐረብ ኤምሬትስ ይሄዳል።

ይሁን እንጂ ቦሌ አንድ የተፈጥሮ ችግር አለበት። ጣቢያው ከባሕር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍ ያለ በመሆኑ አየሩ ሳሳ ያለ ነው፤ በሳሳ አየር ደግሞ የአይሮፕላኑ ክንፍና ሞተር ኀይላቸው ይቀንሳል። ስለዚህ ሩቅ መንገድ የሚሄድ አይሮፕላን ነዳጅ በብዛት ሲሞላ ጭነቱን መቀነስ ግድ ይሆንበታል። አየሩ ሲሞቅ ይብሱን ስለሚሳሳ፣ በቀዝቃዛው የሌሊት ሰዓት መነሣት ይመረጣል። እንዲህ ባለው ስፍራ እያንዳንዱ ኪሎ ዋጋ ስላለው፣ ዋጋ ለሌለው ጭነት ቦታ አይሰጥም።

በአየር የሚሄድ ሰብል የትኛው ነው

ሁሉም ሰብል ለአይሮፕላን አይሆንም። ስንዴ፣ በቆሎ፣ ሰሊጥና ባቄላ ለብዙ ወራት ስለሚቈዩና በኪሎ የሚያወጡት ዋጋ የአየር ጭነትን ኪራይ ስለማይችል በመርከብ መሄድ ይገባቸዋል። ቡናም ቢሆን ምንም እንኳ ዋጋው ከፍ ያለ ቢሆን በጆንያ ተከማችቶ የሚቈይ ስለ ሆነ፣ አብዛኛው በጅቡቲ በኩል በባሕር ይሄዳል።

በአየር መላክ የሚገባው ሰብል ሁለት ጠባይ አለው፤ ይኸውም ከክብደቱ ይልቅ ዋጋው የሚበልጥና በጥቂት ቀን የሚበላሽ ሲሆን ነው። የተቈረጠ ጽጌረዳ፣ ለጋ ፎሶሊያ፣ እንጆሪ፣ ትኩስ የቅመም ቅጠል፣ የቀዘቀዘ ሥጋና ዓሣ ከዚህ ወገን ናቸው። አቮካዶ በመካከል ያለ ነው፤ በደንብ ከቀዘቀዘ ሳምንታትን ስለሚችል በማቀዝቀዣ ኮንቴነር በባቡርና በመርከብ ቢሄድ ይሻላል።

ሚዛንና ስፋት

ገበሬዎችና ማኅበሮቻቸው ብዙ ጊዜ የማያስተውሉት የአከፋፈል ደንብ አለ። አየር መንገድ ዋጋ የሚያስከፍለው በክብደት ብቻ አይደለም፤ ሣጥኑ በሚይዘው ስፋትም ጭምር ነው። ደንቡም እንዲህ ነው፤ የሣጥኑ ርዝመት፣ ወርድና ከፍታ በሳንቲሜትር ተለክቶ እርስ በርሱ ይባዛል፤ የተገኘው ቍጥር ለ6,000 ይካፈላል፤ ውጤቱ የስፋት ክብደት ይባላል። ከእውነተኛው ክብደትና ከስፋቱ ክብደት የሚበልጠው ይከፈላል።

ለምሳሌ ርዝመቱ 100፣ ወርዱ 40፣ ከፍታው 30 ሳንቲሜትር የሆነ የአበባ ካርቶን ቢኖር፣ ሲባዛ 120,000 ይሆናል፤ ለ6,000 ሲካፈል 20 ኪሎ ይወጣዋል። ካርቶኑ በሚዛን 15 ኪሎ ብቻ ቢመዝን እንኳ ላኪው የሚከፍለው የ20 ኪሎ ነው። አምስቱ ኪሎ የአበባ ሳይሆን የአየር ዋጋ መሆኑ ነው። እንዲህ ያለ ካርቶን 500 ቢላክ፣ ለ2,500 ኪሎ ባዶ አየር ይከፈላል ማለት ነው፤ ይህም በቀድሞው ዲ.ሲ. 3 ላይ ሙሉ ጭነት ለመሆን ጥቂት የሚቀረው ነው። ያው አበባ ሳይጨነቅ በ25 ሳንቲሜትር ከፍታ ካርቶን ቢታሸግ ግን የስፋቱ ክብደት ከ17 ኪሎ በታች ይወርዳል። ስለዚህ የካርቶን መጠን መምረጥ የነጋዴው ብቻ ሳይሆን የአምራቹም ጕዳይ ነው።

ቅዝቃዜ የሰብል ዕድሜ ነው

የተቈረጠ አበባና የተለቀመ ፍሬ ገና ሕይወት አለው፤ ይተነፍሳል፣ ሲተነፍስም የተከማቸ ምግቡን ያቃጥላል። ሙቀቱ በ10 ዲግሪ በጨመረ ቍጥር ይህ መተንፈስ ሁለት ወይም ሦስት እጥፍ ያህል ይጨምራል። በ25 ዲግሪ ሙቀት ጥቂት ሰዓት የቈየ አበባ፣ በቀዝቃዛ ክፍል ቀን ሙሉ ከቈየው ይልቅ ያረጃል። ያለፈውን ዕድሜ ኋላ የሚመጣው ማቀዝቀዣ አይመልሰውም።

እያንዳንዱ ሰብል የራሱ ልክ አለው። ጽጌረዳ ከ2 እስከ 4 ዲግሪ፣ የቀዘቀዘ ሥጋ ከ0 እስከ 4 ዲግሪ መጠበቅ ይገባዋል። ፎሶሊያ ግን ከ5 ዲግሪ በታች ቢውል ብርዱ ይጐዳዋልና ከ5 እስከ 7 ዲግሪ ይሻለዋል። ሙዝ ከ13 ዲግሪ በታች ቢቀዘቅዝ ልጣጩ ይጠቍራል። ስለዚህ ሁሉን በአንድ ክፍል አደባልቆ ማከማቸት ትልቅ ጥፋት ነው።

መንገዱ ሲዘጋ

በሚያዝያ 2002 ዓ.ም. በአይስላንድ እሳተ ገሞራ ፈንድቶ አመዱ የአውሮፓን ሰማይ በሸፈነ ጊዜ፣ አይሮፕላኖች ለስድስት ቀን ያህል ሳይነሡ ቀሩ። በኬንያ ማቀዝቀዣዎቹ ሞልተው ስለ ተረፉ ብዙ ቶን አበባና አትክልት ተጣለ፤ ብዙ የቀን ሠራተኞችም ወደ ቤታቸው ተሰናበቱ። የናይቫሻ ሠራተኛ የአይስላንድን ተራራ አይቶት አያውቅም፤ የዕለት እንጀራው ግን በእርሱ ጭስ ተቋረጠ።

በ2012 ዓ.ም. የኮሮና ወረርሽኝ በተነሣ ጊዜም የመንገደኞች በረራ ስለ ቆመ በእነርሱ ዕቃ ክፍል ይሄድ የነበረው ጭነት መንገድ አጣ። የኢትዮጵያ አየር መንገድ መቀመጫዎችን እያነሣ የመንገደኞችን አይሮፕላን ለጭነት አዋለ፤ በሚያዝያ ወር ደግሞ የዓለም የምግብ ፕሮግራም በቦሌ የርዳታ ዕቃ ማከፋፈያ ከፈተ። የተዘጋጀ ማዕከል በክፉ ቀን የሚጠቅመው ከራሱ አገር አልፎ መሆኑን ይህ ያሳያል።

መንገድ የሚዘጋው በእሳተ ገሞራና በበሽታ ብቻ አይደለም፤ በትንሽ ትልም ይዘጋል። ፎልስ ኮድሊንግ ሞዝ የተባለው የእሳት ራት ትል በጽጌረዳ እምቡጥ ውስጥ እየተደበቀ ስለሚገባ፣ የአውሮፓ ኅብረት ከሚያዝያ 2017 ዓ.ም. ጀምሮ በሚገባለት ጽጌረዳ ላይ ጠበቅ ያለ ደንብ አውጥቷል። አንድ ቸልተኛ አምራች የሚያስይዘው ትል የጐረቤቶቹን ሁሉ ገበያ ሊያሰናክል ይችላል።

ለገበሬው የሚገባ ጥንቃቄ

1ኛ/ ገዢው ማን እንደ ሆነ፣ ምን ዐይነት፣ ምን መጠንና በየትኛው ቀን እንደሚፈልግ በጽሑፍ ውል ሳይታወቅ፣ የቤተ ሰብ ቀለብ የሚበቅልበትን ማሳ አርሶ ለአየር የሚሄድ ሰብል መዝራት አይገባም። ከልኩ የጐበጠ ወይም የወፈረ ፎሶሊያ ከመለያው ጠረጴዛ ይመለሳል፤ የተመለሰውም በአገር ገበያ ወጪውን ላይከፍል ይችላል።

2ኛ/ ሰብሉ ፀሐይ ሳይበረታ በማለዳ ይለቀም፤ የተለቀመው በዛፍ ወይም በዳስ ጥላ ሥር ይቀመጥ እንጂ በማሳው ጠርዝ ላይ መኪና ሲጠብቅ አይዋል።

3ኛ/ የተረጨው መድኀኒት ስሙ፣ መጠኑና ቀኑ በመዝገብ ይጻፍ። መዝገብ የሌለው ሰብል ንጹሕ ቢሆን እንኳ ንጽሕናውን የሚመሰክርለት የለም።

4ኛ/ ትናንሽ ገበሬዎች በማኅበር ተባብረው አንድ ቀዝቃዛ ክፍልና አንድ ማቀዝቀዣ ያለው መኪና ቢይዙ፣ ለየብቻቸው የማይችሉትን ይችላሉ። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የተባለው ለዚህ ነው።

5ኛ/ ሀብትን ሁሉ በአንድ ሰብልና በአንድ መንገድ ላይ ማኖር አደጋ ነው። በአየር ከሚሄደው ጐን በባሕር ወይም በአገር ውስጥ ገበያ የሚሸጥ ሰብል ይኑር።

ለሹማምንት የሚገባ ትጋት

አይሮፕላኑ በሌሊት የሚነሣ ከሆነ የዕፀዋት ጤና መርማሪውና የጉምሩኩ ሠራተኛ በሌሊት መገኘት አለባቸው። በበር ላይ ማኅተም ሲጠብቅ ሁለት ሰዓት በፀሐይ የቆመ መኪና ገበሬው በማለዳ ተነሥቶ ያተረፈውን ሁሉ ያጠፋበታል። የገጠሩ መንገድ ሳይጠገን፣ የኤሌክትሪኩ ኀይል ለማቀዝቀዣው ሳይታመን፣ በዋና ከተማ ታላቅ ተርሚናል መሥራት ብቻውን አይበቃም። የጭነቱ ሰንሰለት የሚበጠሰው በሳሳው ቀለበት በኩል ነውና።

ሩቅ አሳቢ ቅርብ አዳሪ እንዲሉ፣ የአውሮፓንና የዐረብን ገበያ እያሰበ ሰብሉን በማሳው ጠርዝ የሚያበላሽ ሰው ከዚያ አይደርስም። ማለዳ የሚለቅመው ገበሬ፣ በጊዜ የሚደርሰው ሾፌር፣ ሳያዘገይ የሚፈርመው መርማሪ፣ ቅዝቃዜውን የሚቈጣጠረው መጋዘን ጠባቂ፣ እነዚህ ሁሉ ሥራቸውን ሲያከናውኑ ነው አይሮፕላኑ የተሸከመው ሰብል ዋጋውን ይዞ የሚደርሰው።